ብርዱ አንድ፣ አለባበሱ ብዙ

ከጎባ ወደ ሮቤ የሚወስደው መንገድ 14 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በገበያ ቀን ማለዳ ግን በዚህ አጭር መንገድ ላይ የሚታየው አለባበስ ተቆጥሮ አያልቅም። አንድ አዛውንት ነጭ ጋቢያቸውን እስከ አፍንጫቸው ተከናንበው፣ ከላዩ ያረጀ ካፖርት ደርበው በፈረስ ያልፋሉ፤ የፈረሱም ኮርቻ ባለ ቀይ ዘርፍ ልብስ ለብሷል። ከኋላቸው ሁለት ሴቶች ይመጣሉ፤ የአንዷ ጅልባብ ቁርጭምጭሚቷ ድረስ ወርዷል፣ ሌላዋ በአበባማ ሽቲ ላይ ወፍራም ሹራብ ለብሳ ደማቅ ሻሽ አስራለች። የላስቲክ ቦት የተጫማ ጎረምሳ የእንግሊዝ እግር ኳስ ክለብ ማሊያ ለብሶ ስንዴ የጫነች አህያውን ይነዳል። ባጃጅ ውስጥ ነጠላዋን ያጣፋች እናት ከቤተ ክርስቲያን ትመለሳለች። ከተራራው የሚወርደው ነፋስ ሁሉንም እኩል ይገርፋቸዋል። እነሱ ግን ለዚህ አንድ ነፋስ የሰጡት መልስ የተለያየ ነው፤ በእኔ እምነት ያ ልዩነት የአካባቢው የመቶ ሃምሳ ዓመት ታሪክ በጨርቅ የተጻፈበት ገጽ ነው። በባሌ ደጋ ልብስ በየዘመኑ ውሳኔ ነበር። ማን ይገዛል፣ ማን ይከበራል፣ ማን ከማን ጋር ይቆማል የሚለው ክርክር በአደባባይ ከመነገሩ በፊት በትከሻና በራስ ላይ ይታይ ነበር።

የመጀመሪያው ተቃውሞ ከዚሁ ነፋስ ይነሣል። በዚህ አገር ሰው የሚለብሰው ለብርዱ ነው፤ ስለ ጥበብና ራስን ስለ መግለጽ ማውራት የከተሜ ቅንጦት ነው የሚሉ አሉ። ባዶ ተቃውሞ አይደለም። ከጎባ በላይ ያለው የሳነቲ አምባ ከ4,000 ሜትር በላይ ከፍ ይላል፤ ቱሉ ዲምቱ 4,377 ሜትር ይደርሳል፤ በበጋ ሌሊት ቅዝቃዜው ከዜሮ በታች 15 ዲግሪ የሚወርድበት ጊዜ አለ። መንገዱ አምባውን አቋርጦ በሀረና ደን ውስጥ ወደ ደሎ መና ሲያሽቆለቁል ልብሱም አብሮ ይቀልላል፤ ጎባ ላይ ቡልኮ የደረበ ተሳፋሪ መና ሲደርስ ቡልኮውን ጠቅልሎ በብብቱ ይዞ ይወርዳል። እንግዲህ የጨርቁን ክብደት የሚወስነው የአየሩ ጠባይ መሆኑ አያከራክርም። ከዚያ በኋላ ያለውን ግን አይወስንም። ብርድ ሴቲቱን ፊትሽን ሸፍኚ ወይም ግለጪ አይላትም። የነጠላው ጥለት ወደ ላይ ይሁን ወደ ታች አይመርጥም። ጎረምሳው የሱሪውን ጫፍ ከቁርጭምጭሚቱ በላይ እንዲያሳጥር አያዝዘውም፤ የማዘዝ ሥልጣን ቢኖረው ኖሮ ተቃራኒውን ባዘዘ ነበር። የልብስ ታሪክ የሚጀምረው ብርዱ መልስ ከማይሰጥበት ከዚህ ቦታ ነው።

ከጥጥ በፊት የአርሲና የባሌ ኦሮሞ ሴቶች ልብስ ቆዳ ነበር። ቆዳው ከራስ ከብት ይገኛል፤ ይፋቃል፣ ይለፋል፣ በቅቤ ይለሰልሳል፤ ከዚያ በጨሌና በዛጎል ያጌጣል። ዛሬ ይህን ልብስ በበዓል መድረክ ላይ የሚያየው ሰው «ከመሬቱ የበቀለ» አድርጎ ያስበዋል። ዛጎሉን ልብ ይበል። ዛጎል የሕንድ ውቅያኖስ ፍጥረት ነው፤ ደጋ የወጣው በግመል ጀርባና በነጋዴ ትከሻ ነው። የመስታወት ጨሌውም እንዲሁ ባሕር ተሻግሯል። አል ዑመሪ የተባለው የ14ኛው መቶ ዓመት ጸሐፊ ከሙስሊም ግዛቶች አንዱ የነበረውን ባሌን ሲገልጽ 18,000 ፈረሰኛ እንዳለውና ሕዝቡ በከብት፣ በበግና በጨርቅ እየተለዋወጠ እንደሚገበያይ ጽፏል። የዚያ ዘመን ባሌ ድንበሩ ከዛሬው ጋር ሙሉ በሙሉ አይገጥምም፤ ቢሆንም ጨርቅ በዚህ አካባቢ ገንዘብ ሆኖ ይሠራ እንደነበር መስማት ብዙ ነገር ያስረዳል። ከሩቅ የመጣውን ዛጎል ከቅርቡ ቆዳ ጋር አቀናብራ፣ ነጩን ከቀዩ ጨሌ አጠገብ የት እንደምታሳርፍ ስታስብ የነበረችው ሴት የዘመኗን ዓለም አቀፍ ንግድ በደረቷ ላይ ነው የሰፋችው። ይህን ሥራ ሥነ ጥበብ ለማለት የሚያመነታ ሰው፣ ሥዕልን ሥዕል የሚያሰኘው ምን እንደሆነ ደግሞ ቢያስብ መልካም ነው፤ ምርጫ፣ ቅንብርና ተመልካች ሦስቱም እዚህ አሉ።

ጌጥ ከማማር ያለፈ ሥራ እንደሚሠራ ቀነፋ ታሳያለች። ቀነፋ የወለደች የአርሲ ኦሮሞ ሴት ለወራት ግንባሯ ላይ የምታስራት ትንሽ እንጨት ናት። ቀነፋ ያሰረች ሴት ወዩ ናት፤ የምትከበር፣ የማትደፈር፣ ባሏም እጁን ሊያነሣባት የማይገባ። በባሌ በአርሲ ኦሮሞዎች መካከል የወዩን ሥርዓት ያጠናችው የኖርዌይ ተመራማሪ ማሪት ቶሎ ኦስተቦ፣ ይህ ክብር በአካልና በሚለበስ ነገር ላይ እንደሚያርፍ አሳይታለች። ከቀነፋዋ ጋር ሲንቄ አለ፤ ሀሮሬሳ ከተባለው ዛፍ የሚቆረጥ ቀጭን በትር፣ እናት ለልጇ በሠርጓ ቀን የምትሰጣት። ሴት ስትበደል ሴቶቹ ሲንቄያቸውን ይዘው ይወጣሉ፤ ቤታቸውን ጥለው በአንድነት ይቆማሉ፤ በዳዩ ሳይክስ አይመለሱም። በሚጣሉ ወንዶች መካከል ሲንቄ የያዙ ሴቶች ከቆሙ ጠቡ መቆም አለበት። በትር እንዴት ልብስ ይባላል የሚል ቢኖር፣ መልሴ ይህ ነው፤ ያገባች ሴት ያለሱ አደባባይ ስትወጣ አንድ ነገር የጎደላት ከሆነ የአለባበሷ ክፍል ነው። እ.ኤ.አ. በ2021 የኦሮሚያ ብድርና ቁጠባ ተቋም ወደ ባንክ ሲያድግ ሲንቄ ባንክ ተብሎ መሰየሙ፣ ከሴት እጅ የወጣው ምልክት ዛሬም ምን ያህል አመኔታ እንደሚሸከም ያሳያል። ባንኩ ስሙን ወሰደ፤ ምልክቱ የሚጠብቀውን የሴቶች መብት ግን ስም ብቻውን አይሸከመውም፤ ይህን ሳይሉ ማለፍ ለሲንቄ ክብር መስጠት አይመስለኝም።

በ19ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ የምኒልክ ጦር አርሲን፣ ቀጥሎም ባሌን ሲይዝ፣ ጎባ የጦር ሰፈርና የግዛቱ መቀመጫ ሆነች። ከጦሩ፣ ከካህናቱና ከሹማምንቱ ጋር ነጭ ጥጥ መጣ። ሸማው፣ ኩታው፣ ባለ ጥለቱ ነጠላ የራሳቸው ሰዋስው ነበራቸው፤ ደስታና ኀዘን፣ ጌታና ሎሌ፣ ቤተ ክርስቲያንና ችሎት በአጣፉ ይለያሉ። ጥለቱ ከላይ ፊት አጠገብ ሲሆን ሴቲቱ ኀዘን ላይ ናት፤ በታላቅ ሰው ፊት የሚቀርብ ሰው ልብሱን አደግድጎ ይቆማል። ማደግደግን እዚህ ላይ ማሰብ ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም በባሌ ያን ጊዜ ማን በማን ፊት ያደገድግ እንደነበር ግልጽ ነው። ከሳሽ ሆኖ ጎባ የሚወጣ የገጠር ሰው ቋንቋውን ብቻ ሳይሆን አቋቋሙንና አለባበሱንም ለችሎቱ ማስተካከል ነበረበት። መሬትን፣ ግብርን፣ ሃይማኖትንና ክብርን የነካው ቅሬታ ተጠራቅሞ እ.ኤ.አ. ከ1963 እስከ 1970 ዋቆ ጉቱ የመራውን የባሌ አመፅ ወለደ። ተመራማሪው ተርየ ኦስተቦ ስለዚህ አመፅ እ.ኤ.አ. በ2020 ባሳተመው መጽሐፍ ነገሩን ከመሬት ግብር ብቻ የመነጨ አድርጎ አለማየቱ፣ ሰው ማንነቱን በሰውነቱ እንደሚኖረው መከራከሩ፣ የልብስን ታሪክ ለሚጽፍ ሰው ትልቅ በር ይከፍታል።

ይሁን እንጂ ነገሩ ገዢ አለበሰ፣ ተገዢ ለበሰ በሚል አያልቅም። ጥጥ በሮቤና በጎባ ከፍታ አይበቅልም፤ የቆላ ሰብል ነው። ጋቢውም ቡልኮውም ከሌላ አካባቢ ሸማኔ እጅ የሚመጡ ናቸው። ሆኖም ዛሬ የባሌ ፈረሰኛ ሲባል በአብዛኛው ሰው ዓይነ ሕሊና የሚመጣው ነጭ ጋቢ የተከናነበ ሙስሊም የኦሮሞ አዛውንት ነው። የመጣው ልብስ በአራት ትውልድ ውስጥ የአባት ልብስ ሆነ። የተከናነበበት መንገድ ግን የራሱ ነው፤ ኮርቻ ላይ እንዲመች በአንገት ዙሪያ ይጠቀለላል፣ ልጓም የሚይዘው እጅ ነጻ ይሆናል፣ ራስ ላይ ፎጣ ወይም ኮፍያ ይጨመራል። ከውጭ የመጣውን ነገር የራስ የሚያደርገው ይህ አያያዝ ይመስለኛል።

በልብስ ላይ የተነሣው ትልቁ ክርክር የመጣው ግን ከሃይማኖት ወገን ነው። ከሮቤ በስተሰሜን ምሥራቅ፣ ዛሬ በምሥራቅ ባሌ ዞን፣ ድሬ ሼክ ሁሴን አለ፤ በኖራ የነጣ፣ ከባሌ፣ ከአርሲ፣ ከሐረርጌና ከዚያም ወዲያ ሰው በእግሩ የሚሄድበት ቅዱስ ስፍራ። ወደዚያ የሚሄደው ምዕመን የሚታወቀው በበትሩ ነው፤ ኡሌ የሚባለው ጫፉ ባላ የሆነ ዱላ። በትሩን የያዘ ሰው መንገድ ላይ ማን እንደሆነ አይጠየቅም፤ እንግዳ ይቀበሉታል፣ ያበሉታል። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ መጨረሻ በነጋዴዎችና ሳዑዲ ዓረቢያ ተምረው በተመለሱ ሰዎች በኩል የሰለፊያ ትምህርት ሮቤ ገባ፤ የደርግ ዘመን ካበቃ በኋላ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ደግሞ በወጣቶች መካከል እሳት ሆኖ ተስፋፋ። ተርየ ኦስተቦ እ.ኤ.አ. በ2012 ባሳተመው ጥናቱ ይህን ሂደት በዝርዝር ጽፎታል። ወደ ሼክ ሁሴን የሚደረገው ጉዞ ተነቀፈ። ወጣቶቹ ጢማቸውን አሳደጉ፣ ሱሪያቸውን ከቁርጭምጭሚት በላይ አሳጠሩ፤ ከሴቶቹ ብዙዎች ጅልባብ፣ አንዳንዶቹም ኒቃብ ለበሱ። በአንድ ቤት አባት ኡሌውን ግድግዳ ላይ ሰቅሎ፣ ልጁ አጭር ሱሪ ለብሶ፣ አንድ ማዕድ የሚቆርሱበት ዘመን ሆነ። ቃል ሳይለዋወጡ እንኳ አቋማቸው ይታይ ነበር።

ይህን አለባበስ ፋሽን ብዬ ብጠራው አማኙን ሊያስቀይመው ይችላል፤ የሚለብሰው ለአላህ ትእዛዝ እንጂ ለዘመን አይደለምና። የእምነቱን ምክንያት አልነካም፤ እቀበለዋለሁ። እኔ የምለው ታሪክ ጸሐፊ ሊያየው ስለሚችለው ነገር ነው። አለባበሱ በታወቀ ዘመን ገባ፣ በአንድ የዕድሜ ክልል ውስጥ ተስፋፋ፣ ለባሹን ከወላጆቹ ለየው፣ ከሌላ አገር አማኝ ጋር አንድ አደረገው። ልብስ ማኅበራዊ ለውጥን ሲሸከም የሚያደርገው ይህንኑ ነው። ሌላው ተቃውሞ ከዚህ ይከብዳል። ጅልባቡ የሴቶቹ ምርጫ ነው ወይስ የተጫነባቸው? እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ሮቤ ከእናቶቻቸው ሻሽ ወጥተው ጅልባብ የለበሱ ልጃገረዶች ብዙ ጊዜ የወላጆቻቸውን ፈቃድ እየተጋፉ ነበር፤ ስለዚህ ሁሉንም የታዘዙ አድርጎ መቁጠር ድምፃቸውን መንጠቅ ነው። በሌላ በኩል፣ አንድ ልብስ በሰፈሩ ከተለመደ በኋላ ያለሱ የምትወጣው ሴት የሰፈሩን ዓይን ትከፍላለች፤ የወንዱ አጭር ሱሪ ከፋሽን ሲወጣ ማንም አልተከታተለውም፣ የሴቷ መሸፈኛ ግን ዛሬም በየማዕዘኑ ይመዘናል። ምርጫና ግፊት በአንድ ጨርቅ ውስጥ አብረው ተሰፍተዋል። ቀነፋ ሴትን በጌጥ ትጠብቃት እንደነበር፣ ያው ማኅበረሰብ በልብስ ሊከታተላትም ይችላል፤ ሁለቱን አብሮ ማየት ነው ፍርድን ትክክለኛ የሚያደርገው።

የሴት ልብስ የወንዶች ክርክር ሜዳ መሆኑ የባሌ ብቻ ጉዳይ አይደለም። በመጋቢት 1960 ዓ.ም. በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ራስ መኮንን አዳራሽ የፋሽን ትርዒት ሲዘጋጅ፣ ተማሪዎች የባዕድ ባህል ወረራ ነው ብለው ተቃወሙት፤ ወደ ትርዒቱ የመጡ ሴቶች ተንገላቱ፣ ፖሊስ ገባ፣ ዩኒቨርሲቲው ተዘጋ። ሚኒ ቀሚስን ያወገዘው ተማሪ ራሱ ሱሪና ኮት ለብሶ ነበር፤ ሱሪውና ኮቱ ግን ባዕድ ሆነው አልታዩም። ከዚያ የመጣው ደርግ ባለ ሥልጣኖቹን አንድ ዓይነት ሰማያዊ የደንብ ልብስ አልብሶ በአብዮት አደባባይ አሰለፋቸው። ከ1999 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ በየዓመቱ ኅዳር 29 በሚከበረው የብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦች ቀን ለእያንዳንዱ ሕዝብ አንድ አንድ ልብስ በመድረክ ይቀርባል። በዓሉ ብዙ ሰው ይሸማቀቅበት የነበረውን ልብስ ወደ አደባባይ አውጥቷል፤ ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ነገር ግን «የኦሮሞ ልብስ» ተብሎ አንዱ ሲመረጥ የባሌ ደጋው ከቆላው፣ የ1880ዎቹ ከ1980ዎቹ፣ የሠርጉ ከሥራው አይለይም። ከጎባ እስከ ሮቤ ያለው የአንድ ማለዳ ልዩነት እንኳ መድረኩ ላይ አይተርፍም።

ያም ሆኖ መድረኩ የማይቆጣጠረው ነገር ተፈጥሯል። ኢሬቻ በ2012 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ሆራ ፊንፊኔ ዳግም ሲከበር የታየው የልብስ ጎርፍ የመንግሥት ትእዛዝ አልነበረም። በሮቤም በጎባም በረንዳ ላይ የሲንጀር ስፌት መኪናቸውን የዘረጉ ልብስ ሰፊዎች፣ የድሮውን ቆዳ የሚመስል ቡናማ ጨርቅ ቆርጠው፣ ዛጎልና ጨሌ ደርድረው ለሠርግና ለምረቃ ይሰፋሉ። በመደ ወላቡ ዩኒቨርሲቲ የምረቃ ሰሞን ጥቁር ጋዋኑ ሥር እንዲህ ያለ ልብስ ይታያል። በሚኒሶታ የሚኖሩ የኦሮሞ ልጆችም ለበዓላቸው ይለብሱታል። አጥባቂው ወዲያው ይጠይቃል፤ ጨርቁ ፖሊስተር ነው፣ ዛጎሉ ፕላስቲክ ነው፣ ይህ ምኑ ባህል ነው? የዛጎሉ ጥያቄ ለአያቶችም ሊቀርብ ይችል ነበር፤ እነሱም ከሩቅ የመጣ ሸቀጥ ነው የሰፉት። የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። በማሽን የታተመ ጥለትና ጨሌ በርካሽ ሲመጣ፣ ቀለሙን የምትመርጠው፣ ጨሌውን በቁጥር የምትደረድረው ሴት ከሥራው ትወጣለች። የእሷ ውሳኔ ወደ ፋብሪካው ሄደ፤ ለቀጣይዋ ሴት የቀረላት መግዛት ነው። ይህ መጥፋት ስለ ጨርቁ ንጽሕና ከሚነሣው ክርክር በላይ ሊያሳዝነን ይገባል።

ወጣቱ ብዙውን ጊዜ የሚለብሰው ግን ሳልባጅ ነው። ያገለገለ ልብስ ማስገባት በሕግ ቢከለከልም ከየገበያው ጥግ አይታጣም። ባሌ የስንዴ አገር ናት፤ ኮምባይነሩ ማሳውን ጨርሶ እህሉ ሲሸጥ የልብስ ገበያው ይደምቃል፣ ከዚያ በፊት ባሉት ወራት ደግሞ ይቀዘቅዛል። ድሃ ያገኘውን ይለብሳል፣ አይመርጥም የሚለው አባባል በሳልባጅ ክምር ፊት ሲቆም ውሸት ይሆናል። ጎረምሳው ከመቶ ጃኬት አንዱን አውጥቶ፣ አራግፎ፣ ትከሻው ላይ ለክቶ፣ መልሶ ሌላ ያነሣል፤ ከዚያ ወደ ልብስ ሰፊው ወስዶ ወገቡን ያስጠብባል፣ እጅጌውን ያሳጥራል። አንድ አውሮፓዊ የጣለው ካፖርት በባሌ ፈረሰኛ ትከሻ ላይ ሲወጣ ሌላ ልብስ ሆኗል። ገንዘብ ሲያንስ ምርጫ ይጠባል፤ አይጠፋም፤ ምናልባትም የበለጠ ሐሳብ ይጠይቃል።

የባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ እ.ኤ.አ. በ2023 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ ሰፍሯል፤ የገዳ ሥርዓትም እ.ኤ.አ. በ2016 በማይዳሰስ ቅርስነት ተመዝግቧል። ዲንሾ በፓርኩ ጽሕፈት ቤት የአካባቢው እንስሳት ለጎብኚ የሚታዩበት ቤት አለ። ለልብስም እንዲህ ያለ ጥንቃቄ ሊደረግ ይገባል፤ ሮቤ ላይ ዩኒቨርሲቲ ስላለ ሥራው ከሩቅ ሰው አይጠብቅም። ቀነፋ ስለ ማሰርና ቆዳ ስለ ማልፋት የሚያስታውሱ እናቶች፣ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ጅልባብ ሲሰፉ የነበሩ ልብስ ሰፊዎች፣ ፎቶ ቤት ሄደው በክራቫት የተነሡ መምህራን በሕይወት ሳሉ መጠየቅ ይቻላል። ከእያንዳንዱ ልብስ ጋር ማን እንደ ሰፋው፣ ጨርቁ ከየት እንደ መጣ፣ በስንት ብር እንደ ተገዛ፣ ለባሿ መቼ እንደ ጀመረችና ለምን እንደ ተወችው ይመዝገብ። የዛጎል ቆዳው፣ የአዛውንቱ ጋቢ፣ ኡሌው፣ ኒቃቡና ከሳልባጅ የተጠበበው ጃኬት በአንድ ክፍል ውስጥ፣ በየዓመተ ምሕረታቸው ተደርድረው ይቀመጡ።